ከደብረ ብርሃን እስከ ሸዋ ሮቢት፦ የትኛው ጄኔሬተር፣ የትኛው ሶላር ይፈለጋል?

ጠያቂ፦ የጠባሴ ልጅ

ሰላም ለሁላችሁ። ደብረ ብርሃን ጠባሴ አካባቢ የኃይል ዕቃ መሸጫ ልከፍት ነው። ጄኔሬተር፣ ሶላር፣ የውሃ ፓምፕ፣ ባትሪ። ቤት ተከራይቻለሁ፤ ንግድ ፈቃዱም ወጥቷል። መሐል ሜዳ ሱቅ ያለው አጎቴ ወደ መንዝ የሚሄደውን ዕቃ ሊሸጥልኝ ተስማምቷል። ሸዋ ሮቢት ደግሞ የእርሻ ግብዓት የሚነግድ አብሮ አደጌ አለ፤ ከሱቁ ጥግ ቦታ ሰጥቶኛል።

አዲስ አበባ ያገኘሁት አንድ አስመጪ ጥቅል ነገር አቅርቦልኛል። ባለ 5 ኬቪኤ የቤንዚን ጄኔሬተር፣ መሬት ላይ ተቀምጦ ውሃ የሚስብ ባለ 2 ኢንች ፓምፕ፣ እና ባለ 200 ዋት ሶላር ከአሲድ ባትሪ ጋር። ሦስቱንም በብዛት ከወሰድኩ ቅናሹ ደህና ነው። "የትም ይሄዳል፤ ሦስቱም ቦታ እኩል አከፋፍለው" ብሎኛል።

አባቴ በግ ነጋዴ ነበር። "መንዝ የሚፈለግና ሮቢት የሚፈለግ አንድ ሆኖ አያውቅም" ይለኛል። እሱ የሚያውቀው በግና እህል ነው፤ ንግግሩ ግን ከጭንቅላቴ አልወጣም። የማወጣው ያለኝን ገንዘብ በሙሉ ነው። ደግሞ ሰው ልጆቹን አስርቦ የገዛው ዕቃ ሳይሠራለት ቀርቶ ፊቴን እንዲያዞርብኝ አልፈልግም።

በሥራው ያላችሁ ወይም እዚያው የምትኖሩ ንገሩኝ። በየአካባቢው ሰው በእውነት የሚፈልገው ምንድን ነው? ምክንያቱስ?

---

ልጅ ዘሸዋ

ወንድሜ እንኳን ደስ አለህ። እኔ ግን በሶላር ገንዘብህን ባታስር እላለሁ። ሕዳሴ ግድብ ጳጉሜ 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመርቋል። 5,150 ሜጋ ዋት ነው። ግልገል ጊቤ 3 ብቻውን 1,870 ሜጋ ዋት አለው። ኮይሻም እየተሠራ ነው። አገሪቱ ኃይል ሞልቷት ለጎረቤት እየሸጠች የሶላር ነጋዴ መሆን ወደ ኋላ መሄድ ይመስለኛል። ምጣድ፣ የኤሌክትሪክ ምድጃና የሻወር ማሞቂያ ሽጥ። ደብረ ብርሃን እንደሁ ብርዱ ራሱ ደንበኛ ያመጣልሃል። መልካም ዕድል።

---

የበሬሳ ኤሌክትሪሻን

የጠባሴ ልጅ፣ ጥያቄህ ደስ ብሎኛል። ብዙ ሰው የሚጠይቀው ዕቃውን ካራገፈ በኋላ ነው። እኔ ከደብረ ብርሃን እየተነሳሁ መስመር ስዘረጋ፣ ጄኔሬተር ስጠግን፣ አሁን አሁን ደግሞ ሶላር ስገጥም ነው ፀጉሬ የሸበተው። አንኮበርም፣ መንዝም፣ ቀወትም እሠራለሁ። አባትህ ልክ ናቸው።

መጀመሪያ ለልጅ ዘሸዋ። ማሞቂያና ምጣድ ያልከው ለደብረ ብርሃን ትክክል ነው። በግድቡም እንደ ማንኛውም ሰው ደስ ብሎኛል፤ ቦንድም ገዝቻለሁ። ግን ጉባ ላይ የመነጨ ኃይል መንዝ ጓዳ እስኪገባ ብዙ የሚያልፍበት አለ። ከፍተኛ መስመር፣ ማከፋፈያ ጣቢያ፣ መካከለኛ መስመር፣ ትራንስፎርመር፣ ምሰሶ፣ ቆጣሪ። መንዝ ላይ ቤቱ በየጎጡ ተበታትኗል። ከትራንስፎርመር በራቅህ ቁጥር ቮልቴጁ ይወርዳል፤ መጨረሻ ላይ ያለው ቤት መብራቱ ጭል ጭል ይላል፣ ቴሌቪዥኑ አይነሳም። ገደል ተሻግሮ ላሉ ጥቂት ቤቶች ለብቻ ትራንስፎርመር መትከል ደግሞ ብዙ ገንዘብ ነው። መንግሥት ራሱ በ2019 እ.ኤ.አ. ባወጣው ሁለተኛው የኤሌክትሪፊኬሽን ፕሮግራም፣ እስከ 2025 እ.ኤ.አ. 35 በመቶውን ሕዝብ ከዋናው መስመር ውጪ በሶላርና በመሳሰለው ለማዳረስ ነበር ያቀደው። ስለዚህ ግድቡ አለቀ ማለትና ገጠሩ መብራት አገኘ ማለት ይለያያል። ያ እስኪሆን ልጆች በኩራዝ ይጠኑ ማለት አልችልም።

አሁን ወደ ዕቃህ። ደብረ ብርሃንና ሸዋ ሮቢት በመንገድ 100 ኪሎ ሜትር አይራራቁም። ግን ደብረ ብርሃን ያለችው 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ነው። ጣርማ በር ዋሻው ጋ ስትደርስ 3,000 ሜትር አልፈሃል። ከዚያ ደብረ ሲናን አልፈህ ትወርዳለህ፤ ሮቢት 1,300 ሜትር ገደማ ላይ ትጠብቅሃለች። ጠዋት በጋቢ ወጥተህ እኩለ ቀን ላይ ሸሚዝህም ይከብድሃል። ሞተሩም፣ ፓምፑም፣ ባትሪውም ይህ ለውጥ ይሰማቸዋል።

ጄኔሬተሩን እንይ። ሞተር ነዳጅ የሚያቃጥለው በአየር ነው። ደብረ ብርሃን ላይ አየሩ ከባሕር ጠረፍ በሩብ ገደማ ይሳሳል። ቱርቦ የሌለው ሞተር በየ100 ሜትሩ 1 በመቶ ያህል ጉልበት ያጣል ብለህ ያዝ። ላዩ ላይ 5 ኬቪኤ የተጻፈበት ማለት 4 ኪሎ ዋት ገደማ ነው። እዚህ 3 ኪሎ ዋት ካገኘህበት ጥሩ ነው፤ መሐል ሜዳ ደግሞ ከዚያም ያንሳል። የካፌ ቡና ማሽን ብቻውን 3 ኪሎ ዋት ሊወስድ ይችላል። ፍሪጁ ሲነሳ ለቅጽበት ከመደበኛው ብዙ እጥፍ ይጠይቃል። በዚህ መሐል ጄኔሬተሩ ያጓራል፣ መብራቱ ይርገበገባል፣ ድርግም ይላል። ባለቤቱ "ፎርጅድ ሸጥክልኝ" ብሎ ይመጣብሃል። ዕቃው ፎርጅድ ላይሆን ይችላል። ለዚህ ከፍታ የሚበቃ መጠን አለመሆኑን የነገረው ሰው የለም።

ቤንዚን ደግሞ ሌላ ጣጣ አለው። አየሩ ሲሳሳ ቤንዚኑ ይበዛበታል። ለጥገና የሚመጣልኝን ካንዴላውን ስፈታ ጫፉ ጥላሸት ለብሶ አገኘዋለሁ። በጥፍር ሲፋቅ እርጥብ ነው፣ ቤንዚን ቤንዚን ይሸታል። ካርቡራተሩ ውስጥ ነዳጅ የሚያሳልፍ ትንሽ የናስ ብሎን አለ፤ መሐሉ ቀዳዳ ነው። እሱ ቀዳዳው በጠበበ ሲቀየር ጭሱ ይጠራል፣ ፍጆታውም ይቀንሳል። የጠፋው ጉልበት ግን አይመለስም። አስመጪህን ያንን ለደጋ የሚሆን ብሎን አብሮ ያመጣ እንደሆነ ጠይቀው። ምን እንደምትል ካልገባው ያኔ ብዙ ነገር ትረዳለህ።

ፓምፑ ይብሳል። መሬት ላይ የሚቀመጥ ፓምፕ ቱቦው ውስጥ ያለውን አየር ያወጣል፤ ውሃውን ወደ ላይ የሚገፋው የውጭው አየር ክብደት ነው። ባሕር ጠረፍ ላይ ያ ክብደት ውሃን 10 ሜትር ገደማ ያነሳል። ሮቢት ላይ ወደ 9፣ ደብረ ብርሃን ላይ ወደ 7 ሜትር ይወርዳል። ይህም በወረቀት ነው። የቱቦው ፍትጊያና ሌላው ሌላው ሲቀነስ ሮቢት ላይ 6 ሜትር፣ እዚህ ከ4 እስከ 5 ሜትር ቢስብልህ ነው። ጉድጓዱ ከዚያ ከጠለቀ የፈረስ ጉልበት ብትጨምርበት ለውጥ የለውም። ሞተሩ ይጮሃል፣ ውሃ አይመጣም፣ ማሸጊያ ጎማው ደርቆ ይቃጠላል። እንዲህ ላለው ጉድጓድ የሚሆነው ውሃ ውስጥ የሚሰጥም ፓምፕ ነው። ከሥር ስለሚገፋ የአየሩ መሳሳት አይነካውም። ያ ጥቅል ውስጥ ያለው ፓምፕ ወንዝ ዳር ላለ ሰው ነው።

ደብረ ብርሃን ከተማ ላይ መስመር አለ። ሰው የተቸገረው በመቆራረጡ ነው። ፀጉር ቤቱ፣ ፎቶ ኮፒ ቤቱ፣ ፋርማሲው የሚፈልገው ድምፅ የሌለው ኢንቨርተር፣ ማለትም የባትሪን ኃይል የቤት ዕቃ ወደሚሠራበት ኃይል የሚቀይር ዕቃ፣ ከሊትየም ባትሪ ጋር ነው። መብራት ሲኖር ይሞላል፣ ሲሄድ ይሠራል። ብየዳ ቤት፣ ዳቦ ቤትና ወፍጮ ቤት ሦስት ፌዝ ናፍጣ ይሉሃል፤ እሱን በትእዛዝ አምጣ እንጂ አታከማች። ብርድ ልብስ ፋብሪካውና ኢንዱስትሪ ፓርኩ የራሳቸው መሐንዲሶች አሏቸው፤ አንተ ጋ አይመጡም። ሠራተኞቻቸው የሚከራዩት ቤት ግን ይፈልግሃል።

ምጣድ በኢንቨርተር ላሠራ የሚልም አይጠፋም። ምጣድ 3 ኪሎ ዋት ተኩል ገደማ ይበላል። በትንሽ ኢንቨርተር አይሆንም በለው። ገንዘቡን ቢዘረጋልህም አትቀበል።

ስለ መንዝና ስለ ቆላው እዚያው ያሉ ሰዎች ቢናገሩ ይሻላል። እጠብቃለሁ።

---

መምህርት ከመንዝ

እኔ የማስተምረው ከመሐል ሜዳ ወጣ ብሎ ነው። ጋሽ ኤሌክትሪሻን ስለ ኩራዙ ያነሱት ልቤን ነክቶታል። ጠዋት ክፍል ስገባ የአንዳንዱ ልጅ የአፍንጫ ጫፍ ጠቁሮ አየዋለሁ። ማታ ኩራዝ ላይ አፍጥጦ ሲያጠና ያመሸ ልጅ ነው። አሁን ትንሽ ሶላር ያስገባ ቤት እየበዛ ነው። እኔ ይህን በዓይኔ ስላየሁ ነገሩን እንደ ሸቀጥ ብቻ ላየው አልችልም።

እዚህ ሰው የሚፈልገው ሦስት አራት አምፖል፣ የስልክ መሙያና ሬዲዮ ነው። የተሻለው ትንሽ ቴሌቪዥን ይጨምራል። ለዚህ ከ10 እስከ 50 ዋት ይበቃል። ባለ 200 ዋቱን የሚገዛህ ሻይ ቤት፣ ፀጉር ቤት፣ ስልክ ሞልቶ የሚያስከፍል ሱቅ ነው። በገበያ ቀን ስልኩን ለሱቅ ሰጥቶ፣ ገበያውን ጨርሶ፣ ሲመለስ የሚወስደውን ሰው ብታየው ያ ሱቅ ለምን ትልቅ ሶላር እንደሚፈልግ ይገባሃል።

ዋጋውን ሰው የሚያሰላው በበግ ነው። "ስንት በግ ያስሸጠኛል?" ይላል። ስለዚህ ገንዘብ እጁ የሚገባው ገናና ፋሲካ ሲደርስ ነው። የአጎትህ ሱቅ ያኔ ባዶ እንዳይሆን። ሐምሌ ላይ ብታመጣው ተቀምጦ አቧራ ይጠጣል፤ ሰው ያን ጊዜ የሚያስበው ለእህል ነው።

አየሩን በተመለከተ ሰው የሚሳሳተው አለ። ብርድ ስለሆነ ሶላር አይሠራም ይላሉ። ፀሐይ እስካለች ድረስ ፓኔል በብርድ አገር የተሻለ ነው የሚሠራው። የሚጎዳን ደመናው ነው። ሐምሌና ነሐሴ ፀሐይ ሳናይ የምንውልባቸው ቀናት አሉ። የበልግ ዝናብም አለን። ገደል አፋፍ ላይ ያሉ ጎጦች ደግሞ ከቆላ የሚወጣው ጉም በጋም ቢሆን ይሸፍናቸዋል። ጥር ላይ ሞክሮ የገዛ ሰው ነሐሴ ላይ ሬዲዮው ሲዘጋበት ተታለልኩ ይላል። ለክረምቱ ተብሎ ፓኔሉ ከፍ ማለት አለበት፤ ይህንንም ሲገዛ ንገሩት።

ከኅዳር እስከ ጥር ሌሊት ውርጭ ይወርዳል፤ ከዜሮ በታች ይገባል። ጎረቤቴ የሊትየም ባትሪ አስገብቶ ውጭ በረት ሥር ሰቀለው። ንጋት ላይ ፀሐይ ብትወጣም ባትሪው አልቀበል ይል ነበር። የመጣው ባለሙያ ሊትየም ከዜሮ በታች ሆኖ ከተሞላ እንደሚበላሽ፣ መቆጣጠሪያውም ለዚህ ብሎ እንደሚዘጋው አስረዳን። ወደ ቤት ውስጥ ሲገባ ተስተካከለ። ከምድጃው ራቅ፣ ከደጁም ራቅ አድርጉት።

ሌላው ቤቱ ነው። የመንዝ ቤት ግድግዳው ድንጋይ ነው፤ ክዳኑ ግን ገና ሣር የሆነ ብዙ አለ። ጥቅሉ ውስጥ የሚመጣው ማሰሪያ ለቆርቆሮ ነው። ሰው ሣሩ ላይ ያጋድመዋል፣ ንፋስ ይወስደዋል። ምሰሶ ያስፈልገዋል። ምሰሶው ጓሮ ሲተከል ደግሞ ገመዱ አይደርስም። ቀጭን ገመድ ሲቀጥሉበት ኃይሉ መንገድ ላይ ያልቃል። ወፈር ያለ ገመድ አብራችሁ ሽጡ። ይህ ትንሽ ነገር ይመስላል፤ እዚህ ግን የብዙ ሰው ሶላር የተበላሸው በዚህ ነው።

ባዮጋዝ አምጡልን የሚልም አለ። ኩበት እያለን ለምን አይሆንም ይላሉ። ኩበቱ ግን ማገዶአችን ነው፤ እንጨት የለም፣ ቤት የሚሞቀውና እንጀራ የሚጋገረው በእሱ ነው። ጉድጓድ ውስጥ ገብቶ በዚህ ብርድ ጋዝ እስኪሆን ማን ይጠብቃል?

---

የበሬሳ ኤሌክትሪሻን

መምህርት እግዜር ይስጥልኝ። ባዮጋዙን በተመለከተ እውነትዎን ነው። ጋዝ የሚያመርቱት ተሕዋስያን የሚወዱት 35 ዲግሪ አካባቢ ነው። ከ15 ዲግሪ በታች ሲሆን በጣም ይዘገያሉ። ቀወትና በረኸት ያለ ከብት አርቢ ግን ቢያስብበት ያዋጣዋል።

---

ዘቀወት

እኔ ገበሬ ነኝ፤ ከሮቢት ብዙ አልርቅም። ሽንኩርትና ማሾ ነው የምዘራው። ስለ አምፖል ያወራችሁት ጥሩ ነው፤ እኛ ጋ ግን መጀመሪያ ውሃ ነው። አምፖል ቢጠፋ ማታ ተኝተን እናድራለን። ሽንኩርቱ በጥር ፀሐይ ውሃ ካጣ ግን የዓመት ልፋት ነው የሚሄደው።

ሁላችንም ያለን የናፍጣ ወይም የቤንዚን ሞተር ነው። ሥራው ላይ ጥሩ ነው። የሚያቃጥለን ነዳጁ ነው። በጀሪካን ለማግኘት ያለው ወረፋና ጣጣ ይታወቃል። ማደያ ሲጠፋ ከጎን ትገዛለህ፤ ያን ጊዜ ዋጋው ሌላ ነው። ሽንኩርት ዋጋ በወረደ ጊዜ ደግሞ የነዳጁን እንኳ አይመልስም። ስለዚህ ሰው ሁሉ አሁን ስለ ሶላር ፓምፕ ነው የሚጠይቀው። ፍራቻው ዋጋውና ሌባ ነው።

አንድ ነገር ልምከርህ። ወንዛችን የደጋውን ዝናብ ነው የሚያመጣው። ላይ ጣርማ በር ሲዘንብ እኛ ጋ ሰማዩ ጥርት ብሎ እያለ ወንዙ ደፍርሶ ይሞላል። ሞተሩን ዳር ላይ ጥሎ የሄደ ሰው ተመልሶ አያገኘውም። ስለዚህ የምታመጣው ፓምፕ ሁለት ሰው አንስቶ የሚያወጣው ይሁን። ፓኔሉም ተነቃሎ ማታ ቤት የሚገባ ቢሆን ሁሉም ይወደዋል። ኮንክሪት ላይ ተቸንክሮ የሚቀረውን ከማኅበር በቀር የሚገዛህ የለም።

የአሲድ ባትሪ ግን እባክህ አታምጣብን። እዚህ ሙቀት ላይ ውሃው ቶሎ ያልቃል፤ ሰው ደግሞ ውሃ መጨመር እንዳለበት አይነገረውም። ሳጥኑ አብጦ ይጣላል። ሻይ ቤቶችና ግሮሰሪዎች ፍሪጅና ቬንትሌተር ይጠይቃሉ። ቆላ ነው፤ ቀዝቃዛ ለስላሳ የሌለው ሱቅ ሰው አይገባበትም።

ወንድሜ ኤሌክትሪሻን፣ ለሁለት ጥማድ ሽንኩርት ስንት ፓኔል ይበቃል? አንዱ ሻጭ 3 ኪሎ ዋት ብሎኛል።

---

የጠባሴ ልጅ

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ጥቅሉን ትቼዋለሁ። ጋሼ፣ ሁለት ነገር ልጠይቅዎት። ጣርማ በር ላይ ያ ሁሉ ንፋስ እያለ ትንንሽ የንፋስ ተርባይን ባመጣስ? ደብረ ሲናና አንኮበር በኩል ደግሞ ውሃ ከገደል ይወርዳል። እሱስ?

---

የበሬሳ ኤሌክትሪሻን

ዘቀወት፣ በመጀመሪያ ያንተን ላስላ። ሁለት ጥማድ ግማሽ ሄክታር ነው። ሽንኩርት በደረቁ ወራት በቀን 6 ሚሊ ሜትር ያህል ውሃ ቢጠጣ፣ ለግማሽ ሄክታር 30 ሜትር ኩብ ይሆናል፤ ማለትም 30,000 ሊትር። ከወንዙ እስከ ማሳው ራስ፣ የቱቦው ፍትጊያ ተጨምሮ፣ 20 ሜትር ከፍታ ነው እንበል። ያን ውሃ ለማንሳት ከፓምፑ ብክነት ጋር በቀን 3 ኪሎ ዋት ሰዓት ከትንሽ ይፈልጋል። ፀሐይዋ በደንብ የምትሰጠው በቀን ለ5 ሰዓት ተኩል ያህል ነው። ሙቀቱም ኃይሉን ይቀንስብሃል፤ ፓኔል ከ25 ዲግሪ በላይ በየዲግሪው 0.4 በመቶ ያህል ያጣል፣ እናንተ ጋ ደግሞ እኩለ ቀን ላይ ፓኔሉ 60 ዲግሪ ያልፋል። አቧራውንም ጨምረህ 1 ኪሎ ዋት ፓኔል ይበቃሃል። ወንዙ ቅርብ ከሆነና ከፍታው ግማሹ ከሆነ ፓኔሉም ግማሹ ይበቃል። 3 ኪሎ ዋት ያለህ ሰው ማሳህን ሳያይ ነው የተናገረው። ባትሪ ደግሞ አያስፈልግህም። ቀን ቀን ስቦ ሮቶ ውስጥ ወይም ሸራ የተነጠፈበት ኩሬ ውስጥ ያጠራቅም፤ የተጠራቀመው ውሃ ራሱ ባትሪህ ነው።

የባትሪው ነገር እውነት ነው። አሲድ ባትሪ ዕድሜው የሚለካው በ25 ዲግሪ ነው። ከዚያ በየ10 ዲግሪው ዕድሜው በግማሽ ይቀንሳል ተብሎ ይታሰባል። በዜሮ ዲግሪ ደግሞ ዕድሜው ባይጎዳም፣ ከሚይዘው አንድ አምስተኛ ገደማ ይጎድልብሃል። ስለዚህ ቆላው ያሳጥረዋል፣ መንዝ ያዳክመዋል። ሊትየሙ ቆላ ላይ ይሻላል፤ መንዝም መምህርት እንዳሉት ቤት ውስጥ ከሆነ ይሻላል። ውድ ነው፤ ግን ተመልሶ የማይመጣ ዕቃ ነው።

የጠባሴ ልጅ፣ ስለ ንፋሱ። ጣርማ በር ላይ ንፋሱ ኃይለኛ ነው፣ እኔንም አቁሞኝ ያውቃል። ግን የንፋስ ጉልበት በፍጥነቱ ኪዩብ ነው የሚያድገው። ፍጥነቱ በግማሽ ሲቀንስ የምታገኘው ስምንተኛውን ብቻ ነው። ጋራው ራስ ላይ ያለውን አይተህ ገባ ያለ ሰፈር ላለ ሰው ብትሸጥለት ምንም አያገኝም። አየሩ መሳሳቱ ደግሞ ሩቡን ይወስዳል። ከሁሉ በላይ የሚሽከረከር ዕቃ ነው፤ ኩሽኔታው ሲበላ መሎጊያ ላይ ወጥቶ የሚፈታው ማነው? መለዋወጫውስ የት አለ? አዳማ ላይ 51 እና 153 ሜጋ ዋት፣ አሸጎዳ 120 ሜጋ ዋት የሚሰጡት የንፋስ ጣቢያዎች ንፋሱ አስቀድሞ ተለክቶ፣ የራሳቸው ጠጋኝ ኖሯቸው፣ ከዋናው መስመር ተያይዘው ነው። ለሱቅህ አይሆንም።

ውሃው ግን ያጓጓኛል። 20 ሊትር በሰከንድ የሚሰጥ ምንጭ 30 ሜትር ቢወርድ ከ3 ኪሎ ዋት በላይ ታወጣበታለህ፤ ሌትና ቀን ነው ደግሞ። ለትንሽ መንደር መብራት ይበቃል። ደጋና ቆላ በሚገናኙበት በዚያ ገደል ሥር እንዲህ ያለ ቦታ አይጠፋም። ከባዱ የበጋው ነገር ነው። መስከረም ላይ ሲያጓራ ያየኸውን መጋቢት ላይ ሂደህ እየው፤ ብዙው ቀጥኖ የቧንቧ ውሃ ያህላል። ከዚያ ደግሞ ከመስኖ ተጠቃሚው ጋር ጠብ አለ። ይህ የማኅበረሰብና የወረዳ ሥራ ነው። እንዲያ ያለ ማኅበር ከመጣ ወደ እኔ ላከው፤ በነፃ አብሬው ወጥቼ እለካለሁ።

አሁን ምን ትዘዝ? መሐል ሜዳ ትንንሽ ሶላር፣ ከገና በፊት፣ ከወፍራም ገመድ ጋር። ምሰሶውን እዚያው ያለ አናጢ ይሠራል። ደብረ ብርሃን ኢንቨርተርና ሊትየም፣ ውሃ ውስጥ የሚሰጥም ፓምፕ፣ እና በጣት የሚቆጠር ጄኔሬተር፤ ጄኔሬተሩ ላይ እዚህ ከፍታ ላይ የሚሰጠውን ዋት በወረቀት ጽፈህ ለጥፍበት። ሮቢት ባትሪ የሌለው ተንቀሳቃሽ የሶላር ፓምፕ፤ መጀመሪያ አንድ አምጣና ዘቀወት ማሳው ላይ ያሠራው፤ ሰው መጥቶ ይየው። እኛ ያለነው ከምድር ወገብ በስተሰሜን 10 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው። ስለዚህ ፓኔሉ ወደ ደቡብ ዞሮ ከ10 እስከ 15 ዲግሪ ይጋደል፤ ዝናቡም ያጥበዋል።

---

የጠባሴ ልጅ

ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ዘቀወት ስልክህን በውስጥ መስመር ላክልኝ፤ ለሙከራው አንዱን ፓምፕ በመጪው ሳምንት ለማምጣት እሞክራለሁ። አንድ ነገር ቀረኝ። ደብረ ብርሃን ላይ የጉድጓዱን ጥልቀት የማያውቅ ደንበኛ ከመጣስ?

---

የበሬሳ ኤሌክትሪሻን

ጫፉ ላይ ድንጋይ የታሰረበት ረጅም ገመድ ሱቅህ ውስጥ ይኑር። ስጠውና ለክቶ ይምጣ፤ የሚለካው ግን ሚያዝያ ላይ ውሃው ሲወርድ እንጂ መስከረም ላይ አይደለም። መስከረም ላይ ከመጣብህ ውሃው በበጋ እስከ የት እንደሚወርድ ጉድጓዱን የቆፈሩትን ሰዎች ይጠይቅና ያንን ቁጥር ያምጣልህ።